በጠፋ ስክሪን የተጻፈው ገጽ

እኔ መቀመጥ አልችልም። በጽሕፈት ለሚተዳደር ሰው ይሄ በሽታ ነው። አስራ ስምንት ማዞሪያ፣ ታክሲዎቹ ከሚዞሩበት ፊት ለፊት፣ ሁለት ሰው ካስገባች ሦስተኛውን በማታስገባ ቤት ውስጥ ሃያ ዓመት ሙሉ ለሰው ጽፌያለሁ፤ ማመልከቻ፣ የኪራይ ውል፣ የሠርግ ጥሪ፣ ሲቪ። አንድ ገጽ ሳልጨርስ ግን ሁለቴ እነሳለሁ። በር ላይ ቆሜ የረዳቶቹን ጩኸት ሰምቼ እመለሳለሁ። ደንበኞቼ «አንቺ ሴትዮ፣ ወንበሩ ይፈጅሻል እንዴ?» ይሉኛል። አዎ፣ ይፈጀኛል። ያለፈው ዓመት ደግሞ ጭራሽ ባሰብኝ። እናቴ መርሳት ጀምራ ነበር፤ አባቴ ለእሷ ብሎ የጻፈውን አንድ ገጽ ደግሞ ማንበብ አቅቶኝ ነበር።

እናቴ አስኮ ከእኔ ጋር ነው የምትኖረው። መጀመሪያ የጎረቤት ስም ጠፋት፤ ከዚያ ምሳ መብላቷ፤ ከዚያ አባቴ ከሞተ ስምንት ዓመት እንዳለፈው። አንድ ነገር ብቻ አልጠፋ አላት። ጠዋት ጠዋት አልጋዋ ጫፍ ላይ ተቀምጣ ነጠላዋን እያስተካከለች «አባትሽ ይቅር ብሎኝ ይሆን?» ትለኛለች።

ነገሩ እንዲህ ነው። እኔን ልትወልድ ቀናት ሲቀሯት ከሀገር ቤት አንድ ሰው መጣ፤ «እናቱ በጠና ታማለች፣ ቶሎ ድረስ በይው» ብሎ ለእናቴ ነገራት። እሷ በዚህ ከተማ ከአባቴ በቀር ማንም አልነበራትም። እሺ እነግረዋለሁ አለች፤ ሳትነግረው ቀረች። እኔ ተወለድኩ። አባቴ መርዶ ተነግሮት ሀገር ቤት ሲደርስ እናቱ ከተቀበረች ሳምንት አልፎ ነበር። እኔ ክርስትና የተነሳሁ ለት እናቴ አልቻለችም፣ እግሩ ሥር ወድቃ ተናዘዘች። እሱም «እሺ» አላት። በቃ፣ እሺ ብቻ። ከዚያ ወዲያ ነገሩን አንስቶት አያውቅም፤ እሷ ደግሞ ያችን እሺ አርባ ምናምን ዓመት ስታገላብጣት ኖረች።

አባቴ አርጅቶ ሱቁን ሲዘጋ ጊዜው አልገፋ አለው። ቅዳሜ ቅዳሜ ከሰዓት እኔ ጋ እየመጣ የሕይወት ታሪኩን ያስጽፈኝ ጀመር። እሱ ይናገራል፣ እኔ እጽፋለሁ፤ እኔ ስነሳ እሱ ይቆጣል። አንድ ቅዳሜ ግን «የዛሬውን ራሴ እጽፈዋለሁ» አለኝ።

«አንተ? በምን እጅህ?»

«በዚችው» ብሎ አመልካች ጣቱን ቀሰረልኝ። «ስክሪኑንም አጥፊው። ይሄ መንገደኛ ሁሉ አንገቱን እያስገባ ያነባል።»

«ሳታይ ምን ልትጽፍ ነው?»

«ፊደሉ ቁልፉ ላይ አለ አይደል እንዴ?»

ነበር። ገዝቼ የለጠፍኩት ፊደል ተልጦ ስላለቀ፣ ፕላስተር ቆራርጬ በእስክሪብቶ ጽፌ በየቁልፉ ላይ ለጥፌ ነበር። ቦታውም የድሮውን የጽሕፈት መኪና የተከተለ ነው፤ መጀመሪያ የፊደሉን ቤት ትነኪያለሽ፣ ቀጥሎ ካዕብ ነው ሳልስ ነው የሚለውን። እኔ የተማርኩት በዚያ ነው፤ ዛሬም በዚያው ነኝ። የዛሬ ልጆች በእንግሊዝኛው ድምፅ ነው የሚጽፉት፣ የእኔን ኪቦርድ ሲነኩ እጃቸው ይተሳሰራል።

ስክሪኑን አጥፍቼለት በር ላይ ቆምኩ። ከሰዓቱን ሙሉ ጠቅ ይላል፣ ፀጥ ይላል፣ ደግሞ ጠቅ። ሲጨርስ ላቡን እየጠረገ «እንዳታዪው። ለእናትሽ ነው። የጠየቀችሽ ለት አንብቢላት» አለኝ። እኔም ስክሪኑን ሳላበራ በለመደው እጄ አስቀመጥኩት። ለእናቴም «ጽፌልሻለሁ» ብሏታል። ግን እሱ ከሞተ በኋላ እንኳን እናቴ አልጠየቀችም። ፈርታ ነበር። የጻፈልኝን አንብቢልኝ ያለችኝ መርሳት ከጀመረች በኋላ ነው፤ ፍርሃቱንም ረስታው መሰለኝ።

እንግዲህ የእኔ ጉድ እዚህ ላይ ይጀምራል። ኮምፒውተር ፊደል አያውቅም፤ የሚያውቀው ቁጥር ነው። ለእያንዳንዱ ፊደል አንድ ቁጥር ይሰጠዋል፣ እንደ ቀበሌ የቤት ቁጥር። ድሮ ለእኛ ፊደል ቁጥር የሰጠው አልነበረም። ሀ እና ለ በፈረንጅ ፊደሎች ቤት ደባል ሆነው ነበር የሚኖሩት፤ ቁጥሩ የፈረንጅ፣ መልኩ የእኛ። ቤቱም ስለማይበቃ እነ ቋ እና ጓን ለብቻቸው ሌላ ግቢ ይወስዷቸዋል። ይባስ ብሎ ፕሮግራም የሠራ ሁሉ የየራሱን ድልድል ያወጣ ነበር፤ እኔ የጻፍኩት የጎረቤቴ ኮምፒውተር ላይ ሲከፈት የማይነበብ ጭረት ይሆናል። በዚህ ምክንያት ከስንቱ ደንበኛ ጋር ተጣልቻለሁ!

ኋላ ዩኒኮድ የሚሉት መጣ። የዓለም ፊደል ሁሉ የየራሱ ቁጥር አለው፣ ማንም ማንም ላይ አይደረብም። ለእኛም ሰፈር ተሰጠን፤ ሀ ከነልጆቿ በአንድ ረድፍ፣ ለ ከነልጆቿ ቀጥሎ፣ አራት ነጥብ ሳይቀር የራሱ ቤት፣ ፩ እና ፪ የራሳቸው። ዝርዝሩን መጀመሪያ ያየሁ ለት ደስ ብሎኝ ለማላውቀው ደንበኛ ሁሉ አሳየሁ። የድሮ ጽሑፍ ወደ አዲሱ የሚቀይር ፕሮግራም ተገኘ ሲባልም አልዘገየሁም። በአንድ ከሰዓት ፋይሎቼን ሁሉ አግበስብሼ ቀየርኳቸው። ችኩል ነኝ አላልኳችሁም? ቅጂ አላስቀረሁም። አሮጌውን ሰረዝኩ፤ ኮምፒውተሩንም ከነኪቦርዱ ለቆራሌው ሰጠሁት። ያ ኪቦርድ ከነፕላስተሩ አሁን ቆሼ፣ የከተማው ቆሻሻ መጣያ ውስጥ ሳይቀበር አይቀርም።

እናቴ የጠየቀችኝ ለት ሥራ ቦታዬ ሄጄ የአባቴን ፋይል ከፈትኩት። ያስጻፈኝ ሁሉ አለ። እዚህም እዚያም በፊደል ፋንታ ባዶ ሳጥን ተገትሯል እንጂ ይነበባል። የመጨረሻው ገጽ ግን ከላይ እስከ ታች የፈረንጅ ፊደል ነው፤ ትርጉም የሌለው፣ እንደ ተበተነ ሽንብራ። እኔ ነኝ ያጠፋሁት አልኩ። ሳላረጋግጥ ቀይሬ፣ የአባቴን ቃል በገዛ እጄ ገደልኩት።

ለእናቴ ዋሸኋት። «እማዬ፣ ኮምፒውተሩ ተበላሽቷል፣ እየተሠራ ነው።» በማግስቱ ትጠይቀኛለች፤ ያንኑ እደግማለሁ። ሐኪሙ እየባሰባት ነው የሚሄደው፣ የምትፈልጉትን ነገር አሁን አውሯት ብሎኛል። እንቅልፍ የሚባል ጠፋኝ። ከድሮ ጓደኞቼ አሮጌ ሲዲ ለምኜ ለፊደል መልኩን የሚሰጠውን የድሮ ፎንት ሁሉ ሰበሰብኩና ያንን ገጽ በየተራ አለበስኩት። አንዱን ሲለብስ ዠዠዠ ይላል፣ ሌላውን ሲለብስ ነጥብና መስቀል ይሆናል። አንዱም ሰው አልሆነም። ደንበኛ ላይ እጮሃለሁ፣ ታክሲ ሰልፍ ላይ እጣላለሁ። አንድ ጠዋት እናቴ እንደ ልማዷ ስትጠይቀኝ «አንድ ነገር ስንቴ ትጠይቂኛለሽ!» ብዬ ጮህኩባት። ደንግጣ «መጠየቄ ነው እንዴ?» አለችኝ። ምድር ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ።

ከዚያ አንድ ሽማግሌ መጡ። ሀገር ቤት ላለ ወንድማቸው በእጃቸው የጻፉትን ደብዳቤ ይዘዋል። «በማሽን ሲሆን ያከብረዋል፣ ጻፊልኝ ልጄ» አሉኝ። ዓይኔን ወረቀታቸው ላይ ተክዬ ጻፍኩ። ሁለት መስመር ከሄድኩ በኋላ አጠገቤ ሆነው ስክሪኑን ሲያዩ «ኧረ ልጄ፣ ይሄ ምን ቋንቋ ነው?» አሉኝ። ቀና ብል የፈረንጅ ፊደል ነው። ቀድሞ እንግሊዝኛ ስጽፍ ቆይቼ ቋንቋውን ሳልቀይር ጀምሬዋለሁ። በቀን አምስቴ የምሠራው ስህተት ነው። «ይቅርታ አባባ» ብዬ ልሰርዘው ስል እጄ ቆመ።

የመጀመሪያዎቹን ፊደሎች አውቃቸዋለሁ። ወራት ሙሉ ያፈጠጥኩባቸው ናቸው። የአባቴ ገጽ የሚጀምረው በእነዚሁ ነው። የሽማግሌው ደብዳቤ ደግሞ የሚጀምረው እንደማንኛውም የድሮ ሰው ደብዳቤ ነበር፤ «ይድረስ ለምወድህ»።

በስመ አብ! አባቴ ራሴ እጽፋለሁ ያለ ለት እኔ የሰው ሲቪ በእንግሊዝኛ ስጽፍ ነበር። ሳልቀይርለት ነው ስክሪኑን አጥፍቼ የወጣሁት። እሱ ፕላስተሩ ላይ ያለውን አማርኛ እያየ ይነካል፤ ማሽኑ ሥር ሥሩን እንግሊዝኛውን ይመዘግባል። ፎንት ማልበሴ ያልሠራውም ለዚህ ነው፤ እዚያ የተቀመጡት የፊደሎቻችን ቁጥሮች ሳይሆኑ የአባቴ ጣት ያረፈባቸው ቁልፎች ናቸው። ቀያሪው ፕሮግራምም የአማርኛ ፎንት የለበሰውን ብቻ ነበር የሚነካው፤ ይሄን ገጽ እንግሊዝኛ ነው ብሎ አልፎታል። እኔ አላጠፋሁትም። ደህና ነበር።

«አባባ፣ የእርስዎን ነገ ይውሰዱ፣ ዛሬ አልችልም» አልኳቸው።

«ምነው፣ ሰው ሞተብሽ እንዴ?»

«የለም፣ የሞተው ሊያናግረኝ ነው።» አማተቡና ወጡ።

በሩን ዘጋሁ። ገጹን አትሜ ከጎኔ አስቀመጥኩ፣ ቋንቋውን ወደ አማርኛ ቀየርኩ፣ የፈረንጁን ፊደል እያየሁ ቁልፉን ነካሁ። ፕላስተር አላስፈለገኝም፤ ቦታውን ጣቴ ያውቀዋል። ይድረስ ለምወድሽ ባለቤቴ። አባቴ አንዳንዱን ቁልፍ ሁለቴ ነክቶታል፣ አንዳንዴ ቃል ከቃል ሳይለይ ሄዷል፣ አንዳንዱን ፊደል ስቶ ጎረቤቱን ነክቷል። ጽሑፉን እስክጨርስ አንዴ እንኳን ከወንበሩ አልተነሳሁም። ስጨርስ አማርኛውን አትሜ ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኩት።

ምሳ ሰዓት ሳይደርስ አስኮ ነበርኩ። እናቴ በረንዳ ላይ ፀሐይ ትሞቃለች። «እማዬ፣ አባዬ የጻፈልሽን አመጣሁልሽ» አልኳት። ነጠላዋን አጣፋች፣ ልክ ቤተ ክርስቲያን እንዳለች። አነበብኩላት።

«ይድረስ ለምወድሽ ባለቤቴ። ያ ሰውዬ ያን ዕለት ከአንቺ ቤት ወጥቶ ሱቅ መጥቶ ነበር። እናትህ ታማለች፣ ለሚስትህም ነግሬያታለሁ አለኝ። አንቺን በዚያ ሁኔታ ጥዬ መሄድ ፈራሁ። እስክትነግሪኝ ልጠብቅ አልኩ። ማታ ስገባ ዝም አልሽ። ዝም ስትዪ ደስ አለኝ። ኋላ እግሬ ላይ ስትወድቂ አውቅ ነበር ማለት አፈርኩ። እሺ አልኩሽ። ቆይቼ እነግራታለሁ ስል ይሄው አረጀሁ። እናቴን ያስቀረሁት እኔ ነኝ። አንቺ አይደለሽም። ይቅር በዪኝ።»

እናቴ «ደስ አለኝ አለ?» ብላ ጠየቀችኝ።

«አዎ እማዬ።»

ተነስታ ወደ ቤት ገባች። ተከተልኳት። ግድግዳው ላይ ያለውን የአባቴን ፎቶ ይዛ «አርባ ምናምን ዓመት! አንተ ሰውዬ፣ አርባ ምናምን ዓመት ሙሉ!» አለችው፤ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙራ ሰቀለችው። አልጋዋ ላይ ተቀምጣ እንደ ልጅ ተንሰቅስቃ አለቀሰች። እኔም አብሬያት አለቀስኩ፤ ግን ደስ ብሎኝ ነበር። አራገፈችው፣ አሁን ታርፋለች ብዬ ነበር።

በማግስቱ ጠዋት ፎቶውን አይታ «ይሄን ማነው ያዞረው?» አለችኝ። ከዚያ አልጋዋ ጫፍ ላይ ተቀመጠች፣ ነጠላዋን አስተካከለች። «አባትሽ ይቅር ብሎኝ ይሆን?»

ፎቶውን መለስኩት። ወረቀቱን ከቦርሳዬ አወጣሁ።

ከዚያ ወዲህ ሥራ ከመሄዴ በፊት በየጠዋቱ አነብላታለሁ። በየጠዋቱ አዲስ ነው። አንዳንድ ቀን ትሰድበዋለች፣ አንዳንድ ቀን ፎቶውን ታዞረዋለች፣ አንድ ቀን እስኪያስላት ሳቀች። ወንበር የሚፈጀኝ ሴትዮ አሁን እስክትጨርስ እጠብቃታለሁ። ዛሬ አልጮኸችም። ወረቀቱን ከእጄ ወሰደችና፣ ማንበብ ሳትችል፣ በጣቷ መስመር በመስመር ተከተለችው።

«ምስኪን፣ ይሄን ሁሉ ብቻውን ተሸክሞት» አለች። «እኔም ይቅር ብዬዋለሁ። ማታ ስትመጪ አባትሽ ሱቅ ጎራ ብለሽ ንገሪው።»

«እሺ» አልኳት።