ሙሽራው ደጅ ይቁም

ኤርጎጌ የዱራሜ ልጅ ናት። ደቡብ አፍሪካ፣ ቴምቢሳ ውስጥ፣ ከወንድሟ ከማርቆስ ስፓዛ፣ በብረት ፍርግርግ ከሚሸጥበት የሰፈር ሱቅ ጀርባ፣ የዱቄት ጆንያ ላይ ተቀምጣ ያልጻፈችው የድራማ ዓይነት የለም። ዙሉውንም እንግሊዝኛውንም ከደንበኛ አፍ ለቅማ፣ መጀመሪያ ለቤተ ክርስቲያን ወጣቶች ጭውውት ጻፈች። ቀጥሎ ለቴሌቪዥን የልጆች ፕሮግራም፣ ከዚያ የወንጀል ድራማ፣ ከዚያ ኮሜዲ። አንዱን አስቃ ሌላውን የምታስለቅስ ብዕር! ግን ስሟ ሁልጊዜ በሌሎች ስም መሃል ተሸጉጦ ነው የሚያልፈው። አንድ ክፍል ብቻዋን ጽፋ፣ ስሟ ብቻውን ወጥቶ ማየት የዓመታት ምኞቷ ነበር።

በፈረንጆቹ 2020 ዕድሉ መጣ፤ የአንድ ተከታታይ ድራማ የሰርግ ክፍል ለእሷ ተሰጠ። ኮሮናም አብሮ መጣ። ቀረጻ ቆመ። ሲፈቀድም መተቃቀፍ የለም፣ መሳሳም የለም፣ ተዋናይ ከተዋናይ ይራቅ ተባለ።

የጸሐፊዎቹ አለቃ ማም ኖማሊዞ በዙም ስብሰባው ላይ መነጽራቸውን አወለቁ።

«ኤርጎጌ፣ ሰርግሽ መቅረቱ ነው። ተጋቡ ብለን በስልክ እናስነግርና ክፍሉን ከታባንግ ክፍል ጋር እናዋህደዋለን።»

«ማም፣ ሰርግ በስልክ ይነገራል እንዴ? ሙሽራው ደጅ ይቁም!»

«አይ የስፓዛ ሰው!» አለ ታባንግ፣ የኮሜዲው ጸሐፊ። «ሙሽራም በፍርግርግ ልትሸጭልን ነው?»

ሳቁባት። አብራቸው ሳቀችና፣ «በእኛ አገር የሙሽራዋ ወገን በር ይይዛል» አለች። «የሙሽራው ወገን ውጭ ቆሞ በግጥም ይለምናል፣ ይተርባል። ማንም ማንንም አይነካም።»

«እስቲ አሳይን» አሉ ማም ኖማሊዞ።

ብድግ ብላ፣ እያጨበጨበች አዜመችው፦

በሩ አይከፈትም ለመጣ ሁሉማ፣
ቃል ያለው ሰው ይግባ እንስማው በዜማ።

በስክሪኑ ላይ ያሉት የአማርኛውን ግጥም እንዴት ይቀበሉ? የሰርግ ግጥም ተቀባይ ካጣ፣ ክሩ እንደተበጠሰ ክራር ነው። ኤርጎጌ ብቻዋን ማጨብጨቧን ቀጠለች።

ይሄኔ ከሱቁ ባንኮኒ በኩል፣ ዳቦ በእጁ እንደያዘ፣ ማርቆስ መለሰ። ማርቆስ የመዘምራን መሪ ነው፤ ከመዝሙር በቀር ዘፈን ከአፉ ወጥቶ አያውቅም። ግን በር ተይዞበት ዝም የሚል ወንድ ከየት ይምጣ?

ደጁን ብትዘጉት እኛ አንሰለችም፣
ሙሽራዋን ሳናይ ከዚህ አንሄድም!

ደጅ ላይ ተራርቀው የተሰለፉት ደንበኞች አጨበጨቡለት። አንዷ ከጭምብሏ ስር እልል አለች። ኤርጎጌ ላፕቶፑን ወደዚያ አዞረችው፤ ከፍርግርጉ ወዲህ ማርቆስ፣ ከወዲያ ሰልፈኛው እየዘለለ፣ አንዱ ሌላውን ሳይነካ።

«ጌታ ይቅር ይበለኝ» አለ ማርቆስ፣ ሲነቃ። ወደ ደንበኛዋም ዞሮ፣ «እማማ፣ ሁለት ዳቦ ነው ያሉኝ?»

ማም ኖማሊዞ ግን በስክሪኑ ላይ ከወንበራቸው ብድግ ብለዋል። «በእኛም ሰርግ እኮ ሁለቱ ወገን በዘፈን ይፋለማል! እንዴት ረሳሁት! ኤርጎጌ፣ ጻፊው። ብቻሽን።»

ክፍሉ ጀርሚስተን ከተማ፣ አንድ የግቢ በር ላይ ተቀረጸ። ግጥሙን በዙሉ ጻፈችው፤ ተረቡን ማም ኖማሊዞ አሳመሩላት። በሩ ሲከፈት ሙሽሮቹ አልተሳሳሙም፤ ቆመው ተያዩ ብቻ። ዓመቱን ሙሉ ሰው የናፈቀው ሁሉ በዚያ አስተያየት ውስጥ ነበረ።

በተላለፈበት ምሽት፣ መጨረሻው ላይ፦ ጸሐፊ፣ ኤርጎጌ ላምቤቦ። ከላዩ ማንም፣ ከታቹ ማንም የለም። ያለቀሰው ማርቆስ ነው። «ሽንኩርቱ ነው» አለ፤ ሽንኩርት ካለቀበት ሰንብቷል።

ቴምቢሳ ውስጥ የሐበሻ ባለሱቅ ሁሉ ስሙ «ማይ ፍሬንድ» ነው፤ ወንድም ሆነ ሴት። በማግስቱ ስኳር ልትገዛ የመጣች አንዲት ባልቴት ግን፣ ራቅ ብላ ቆማ፣ መንገዱ እስኪሰማ በዙሉ ሰላምታ ተጣራች፦

«ሳውቦና፣ ኤርጎጌ ላምቤቦ!»

«የቦ!» ብላ መለሰች ኤርጎጌ፣ ቀና ብላ።