የኤንሲዮ ጌም አፕዴት አልገባ ያለ ጊዜ

እኔ ኡርሆ ሞተር ሳልከፍት ድምፁን ብቻ ሰምቼ በሽታውን የምናገር ሰው ነኝ። ይሄን የምለው ለጉራ አይደለም፤ ጉራም ቢሆን እውነት ነው። ከከተማችን ከኩህሞ እስከ ድንበሩ ባለው ጫካ ውስጥ ግንድ ያልጫንኩበት መንገድ የለም። ትምህርት ቤት የሄድኩት ምሳ ስለሚሰጡ ነው፤ ምሳው ሲያልቅ እኔም ወጣሁ። ግን አንድ ጊዜ ብርዱ ናፍጣውን እንደ ቅቤ ያረጋው ቀን፣ ሌላው ሹፌር ሁሉ ጋቢና ውስጥ ተኮራምቶ እጁን ሲያሽ፣ ከሞተሬ ስር እሳት አንድጄ አስነስቼ ሁሉንም ተራ በተራ እስከ ዋናው መንገድ የጎተትኳቸው እኔ ነኝ። ከተጎተቱት አንዱ ኤንሲዮ ነበር። እሱ ሲጠየቅ "በራሴ ነው የወጣሁት" ይላል። ይበል። የማወራው ስለ እሱ ስለሆነ ለዛሬ ልተውለት።

ኤንሲዮ ጎረቤቴ ነው። ቤቱ ከሐይቁ ማዶ ነው፤ በበጋ ዞረህ ትሄዳለህ፣ ሐይቁ በረዶ ሲሆን ቀጥ ብለህ ትሻገራለህ። ሚስቱ ሳይሚ ትባላለች። አንድ ልጅ አላቸው፣ ቬሳ። ይሄ ልጅ ያደገው የአባቱ መኪና ጋቢና ውስጥ ነው ማለት ይቻላል። ቤት ውስጥ አባትና ልጅ ሲያወሩ ሰምቼ አላውቅም፣ "ድንቹን አቀብለኝ" ካልሆነ በስተቀር። መኪና ውስጥ ሲሆኑ ግን፣ ሁለቱም ዓይናቸው መንገዱ ላይ ሲሆን፣ ያወራሉ። እኛ ጋ ወንድ ልጅ ፊት ለፊት ተያይቶ ማውራት አይሆንለትም። እኔ ብቻ ነኝ የሚሆንልኝ፣ ለዚህም ነው ሰው ሲያየኝ መንገድ የሚቀይረው።

ቬሳ አድጎ አውስትራሊያ ሄደ። እዚያ ማዕድን ማውጫ ውስጥ ቤት የሚያህል መኪና ይነዳል። ኤንሲዮን ደግሞ ሐኪሙ ዓይንህ አያስተማምንም ብሎ መንጃ ፈቃዱን ወሰደበት። ያን ሰሞን እንኳን ማውራት መቆጣትም ተወ። በረንዳው ላይ ቁጭ ብሎ የሚያልፈውን ግንድ ጫኝ መኪና ሁሉ ማርሽ ሲቀይር ይሰማል፣ "ዘገየ" ይላል፣ በቃ።

አንድ ገና ላይ ቬሳ ሲመጣ ኮምፒውተር ይዞለት መጣ። ትልቅ ስክሪን፣ ጠረጴዛ ላይ የሚታሰር መሪ፣ እግር ስር የሚቀመጥ ነዳጅና ፍሬን፣ ደግሞም የከባድ መኪና ጌም። በኢንተርኔት ተገናኝተው እሱ ከአውስትራሊያ ኤንሲዮ ከዚህ በአንድ መንገድ ላይ ተከታትለው ይነዳሉ። እኔ ስሰማ ሆዴን ይዤ ነው የሳቅኩት። "ልጅህ ቀኑን ሙሉ መኪና ነድቶ ማታ ደግሞ ለማረፍ መኪና ይነዳል? ያንተው ዘር ነው፣ መመርመር አያስፈልግም" አልኩት። ኤንሲዮም "ስክሪኑ ላይ ገደል ብገባ አንተ ልትጎትተኝ አትመጣም፣ ለዚህ ብቻ እንኳ ደስ ይለኛል" አለኝ።

ከዚያ በኋላ በየእሁዱ ጠዋት፣ እዚያ አውስትራሊያ ጀምበር ስታዘቀዝቅ፣ ሁለቱ ማዳመጫቸውን ጆሯቸው ላይ አድርገው ይነዳሉ። አንዳንዴ እኔም ሄጄ ከጎኑ በረዳት ቦታ እቀመጥ ነበር። ብዙ አያወሩም። ቬሳ ከሚስቱ የተለያየ ጊዜ ለአባቱ የነገረው ጌሙ ውስጥ፣ ጀርመን አገር አንድ ቁልቁለት ላይ ነው። ኤንሲዮ "ፍሬኑን አታግለው፣ ማርሽ ቀንስ" አለው። ልጁም "እሺ አባዬ" አለ። ይኸው ነው። ግን ከዚያ በፊት ለዓመታት ይሄን ያህል ተነጋግረው አያውቁም።

ባለፈው በረዶ መግቢያ ላይ ነው ነገሩ የተበላሸው። የጌሙ ባለቤቶች አዲስ አፕዴት አወጡ። የቬሳ ወዲያው ገባለት። የኤንሲዮ አልገባም። የሁለቱ ጌም እኩል ካልሆነ ደግሞ አብረው መንዳት አይችሉም፤ አንዱ የአንዱን መንገድ አያየውም። እዚህ ጫካ ውስጥ ኢንተርኔቱ እንደ አሮጊት ነው የሚሄደው፣ አፕዴቱ ደግሞ ትልቅ ነው፣ ለመውረድ ቀኑን ሙሉ ይፈጃል። ግማሽ ላይ ሲደርስ ይቋረጣል። ካቆመበት ይቀጥላል ይላሉ፣ የኤንሲዮ ግን ፋይሉ ተበላሽቷል ብሎ እንደገና ከመጀመሪያው። እሁድ መጣ፣ አልነዱም። ሌላ እሁድ መጣ፣ አልነዱም። ቬሳ ስልክ ደወለ። በስልክ ግን ሁለቱም የአየር ሁኔታ ተጠያይቀው ዘጉት።

ያኔ ነው እኔን የጠራኝ። እኔን መጥራት ለሱ ጥርስ ከመነቀል በላይ ነው።

ሄድኩ። መጀመሪያ አጥፍተህ አብራ አልኩት፣ ለሞተርም ለበሬም ለሚስትም የሚሠራው እሱ ነው። አልሆነም። ቦታ ጠቦት ይሆናል ብለን የማይጠቅመውን ሁሉ አጠፋን። አልሆነም። ጌሙ ላይ ሌላ ሰው የሠራው ነገር ተጨምሮበት ከሆነ ከአዲሱ ጋር ይጣላል ተባለ። ኤንሲዮ ደግሞ ቬሳ የሠራለት አንድ ተሳቢ ነበረው፣ የድሮ መኪናውን ቀለም የተቀባ፣ ጎኑ ላይ የነበረችው ጭረት እንኳ ሳትቀር። እሱንም አወጣው። ሲያጠፋው መነጽሩን አውልቆ ጠረገ። አሁንም አልሆነም። ጌሙ ፋይሎቹን ራሱ አንድ ባንድ እንዲፈትሽ አደረግን፤ ፈተሸ፣ ደህና ነኝ አለ፣ ተቋረጠ። ኢንተርኔት የሚሸጡልን ጋ ደወልኩ። አንዲት ልጅ በእኛ በኩል ችግር የለም አለችኝ። እኔም ምን እንዳልኳት ተዉት፣ በሳምንቱ የገና ካርድ ልኬላታለሁ።

በዚህ ሁሉ መሃል ሳይሚ ትመጣለች ትሄዳለች። ቡናዬ ውስጥ በስኳር ፈንታ ጨው ጨመረችበት። እኔ ቀልድ መስሎኝ "ሳይሚ፣ ዘንድሮም አልወደድሽኝም?" ብዬ ሳቅኩ። እሷም ሳቀች። ኤንሲዮ አልሳቀም።

አሁን እዚህ ላይ ነው የኔ እውቀት የሚመጣው። የታመመ ሞተር ሲያስቸግርህ አብረኸው ቁጭ በል። ኤንሲዮ አፕዴቱን እንዲያስጀምር አደረግሁና ወንበር ወስጄ ኮሪደሩ ላይ፣ የኢንተርኔቷ ሳጥን ያለችበት ቁም ሳጥን በር ላይ ተቀመጥኩ። ማክሰኞ ነበር። ቋሊማዬን በጥቁር ዳቦ ይዤ ሳጥኗ ላይ አረንጓዴዎቹ መብራቶች ሲጫወቱ አያለሁ። አፕዴቱ ስክሪኑ ላይ ግማሹን አልፎ ነበር። ድንገት ግድግዳው ላይ ያለው የባልቦላ ሳጥን ቀጭ አለ። የኢንተርኔቷ ሳጥን መብራቶች በሙሉ ጠፉ። ኮምፒውተሩ ግን በርቷል፣ አምፖሉም በርቷል። እጄን የክፍሉ ማሞቂያ ላይ ባደርገው እየቀዘቀዘ ነው።

እዚህ አገር ያለን ሰዎች ይሄ ምን እንደሆነ እናውቃለን። የሳውናው፣ የእንፋሎት መታጠቢያው፣ ምድጃ ሲበራ የቤቱ ማሞቂያ ይጠፋል፤ መስመሩ ሁለቱን አንድ ላይ አይችልም። ኤንሲዮ ቤቱን ሲሠራ የቁም ሳጥኑን ሶኬት ራሱ ከማሞቂያው መስመር ጠልፎ ነው ያስገባው፣ ከዚያም ረሳው። ቅዳሜ ቅዳሜ ሳውና ስንገባ ኢንተርኔቱ አብሮ ይጠፋ ነበር ማለት ነው፣ ግን ሁላችንም ራቁታችንን እንፋሎት ውስጥ ስለሆንን ማን ያየዋል።

"አገኘሁት! ሳውናው ነው" አልኩ ለራሴ። እና ወዲያው፣ ማክሰኞ በቀትር ሳውና ማን ያበራል?

ወደ ኮሪደሩ መጨረሻ ሄድኩ። ሳይሚ መልበሻው ክፍል አግዳሚው ላይ ተቀምጣለች። ፀጉሯን አበጥራለች። ፎጣዎች አጣጥፋ ከጎኗ ደርድራለች፣ የኤንሲዮን፣ የቬሳን፣ አንድ ደግሞ ለኔ። ከምድጃው አጠገብ ካለው ምስማር ላይ የተንጠለጠለው ፎጣ ዳሩ ጠቁሯል።

"ኡርሆ፣ ቀድመህ ገባህ?" አለችኝ። "ለእናንተ ነው የማሞቀው። ከጫካ ስትመጡ ጀርባችሁ በረዶ ነው። ኤንሲዮስ? ከኋላህ ነው?"

ኤንሲዮ መንዳት ካቆመ ስንት ዓመቱ።

"ከኋላዬ ነው" አልኳት።

እውነትም ከኋላዬ ነበር። በሩ ላይ ቆሟል።

"ተዋት" አለኝ። ምድጃውን ራሱ አጠፋ፣ የጠቆረውን ፎጣ አውርዶ ጠቀለለው፣ እጇን ይዞ ወደ ሳሎን ወሰዳት። ከዚያ ተመልሶ መጣና በሹክሹክታ እየለመነ እንዲህ አለኝ፣ "ለቬሳ አትንገረው። ከነገርከው ይመጣና የአዛውንቶች መጦሪያ ቤት ያስገባታል።"

"ፎጣው ነዶ እኮ ነው፣ ኤንሲዮ።"

"ሁልጊዜ አጠገቧ ነኝ።"

"ማዳመጫውን ጆሮህ ላይ አድርገህ ከልጅህ ጋር ስትነዳስ?"

ወደ ሳይሚ ተመለሰ። እኔም አልደገምኩትም። ማራዘሚያ ገመድ ፈልጌ የኢንተርኔቷን ሳጥን ከወጥ ቤት ሶኬት ጋር አገናኘኋት። ከዚያ በኋላ ሳውናው ቢበራም ባይበራም አፕዴቱ ወረደ፣ ገባ። በሌላ ቀን ቢሆን ኖሮ ይሄን ሙያ መንደሩ ሁሉ እስኪሰለቸው እተርክ ነበር።

እሁድ ጠዋት ረዳት ሆኜ ተቀመጥኩ፤ ኤንሲዮ ማዳመጫውን አንድ ጆሮው ላይ ብቻ አድርጓል። ሳይሚ ከኋላችን ሶፋ ላይ ካልሲ ትሠራለች። ቬሳ "አባዬ፣ መጣህ?" ሲል የኤንሲዮ ትከሻ ወረደ፣ አየሁት። ኖርዌይ ውስጥ ባሕሩን ይዞ የሚሄድ መንገድ ላይ ነበሩ። የቬሳ ከፊት፣ የኤንሲዮ ከኋላ። አዲሱ አፕዴት ዝናብ አሳምሮታል፤ መጥረጊያው ሲሄድ ውሃው እንደ እውነተኛ ይሸሻል። ቬሳ ይቀልዳል፣ "ከኡርሆ ጋር ነህ እንዴ? ሲያላምጥ ይሰማኛል" ይላል።

ያኔ ኮሪደሩ ላይ የባልቦላው ሳጥን ቀጭ አለ።

ኤንሲዮ ዞር አለ። ሶፋው ላይ ካልሲው ብቻ ነው ያለው። መኪናውን ዳር አውጥቶ አቆመና ፍሬቻ አበራ። ልማዱ ነው፣ ስክሪን ላይም ቢሆን።

"አባዬ፣ ለምን ቆምክ? ተቋረጠ?"

ኤንሲዮ ሁለት እጁን መሪው ላይ አድርጎ መንገዱን እያየ ነው። እኔ ውሸት እስኪያወጣ ጠበቅኩ። እኔ ብሆን ከአፌ ይወጣ የነበረው ውሸት ተደርድሮልኛል።

"እናትህ ሳውናውን አበራችው" አለ።

"ዛሬ እኮ እሁድ ነው።"

"አዎ። በየቀኑ ነው፣ ቬሳ። ፎጣ አስነድዳለች። እኔ ብቻዬን አልቻልኩም።"

ማዳመጫውን ጠረጴዛው ላይ ትቶ ተነሳና ወደ እሷ ሄደ።

እኔ ብቻዬን ስክሪኑ ፊት ቀረሁ። የቬሳ መኪና ጥቂት ከሄደች በኋላ የፍሬን መብራቷ ቀላ፤ ዳር ወጣች። እሷም ፍሬቻ አበራች። ሁለት መኪና ዝናብ ውስጥ ፍሬቻ እያበሩ እያጠፉ፣ የማንም ያልሆኑ መኪኖች በጎናቸው እያለፉ። ከማዳመጫው ውስጥ የልጁ ትንፋሽ ይሰማኛል። አንስቼ አንድ ነገር ልለው ፈለግሁ። በሕይወቴ ወሬ አጥቼ አላውቅም። ያን ቀን አጣሁ።

ቬሳ በረዶው ሳይቀልጥ መጣ። ሳይሚ አሁን ቤተ ክርስቲያኑ አጠገብ ያለው የአዛውንቶች ቤት ናት። ሳውና በሳምንት አንድ ቀን አለ፤ ምድጃውን ሠራተኞቹ ናቸው የሚያበሩት፣ በሩ ተቆልፎ ነው የሚውለው። ኤንሲዮን እኔ ነኝ በመኪናዬ የማደርሰው። እሷ እኔን ታውቀኛለች፤ እሱን አንዳንዴ "ሹፌሩ ማነው?" ትላለች። እሱም "የኡርሆ ረዳት ነኝ" ይላታል። ማን ይበልጣል ብለን ከአርባ ዓመት ክርክር በኋላ ይሄን ከአፉ ሰማሁ፣ ምንም አልጣፈጠኝም።

አባትና ልጅ አሁንም እሁድ እሁድ ይነዳሉ። በቅርቡ ደግሞ ሌላ አፕዴት ወጣ ሲባል፣ ሳይጠራኝ ዕቃዬን ይዤ ሄድኩ። ስደርስ የኔ ማራዘሚያ ገመድ ተጠቅልሎ ምስማር ላይ ተሰቅሏል። የኢንተርኔቷ ሳጥን ተመልሳ ቁም ሳጥን ውስጥ፣ እዚያው አሮጌው ሶኬት ላይ ተሰክታለች። ኤንሲዮ ወንበሩን በሩ ላይ አድርጎ፣ እኔ ያኔ በተቀመጥኩበት ቦታ፣ አረንጓዴዎቹን መብራቶች እያየ ነው።

"አንተ ሰውዬ፣ ምን ነካህ? ማን ነቅለው አለህ?" አልኩት።

"እኔ ነኝ የነቀልኩት።"

"ይቋረጥብሃላ!"

"እንዲቋረጥ ነው" አለኝ፣ ወደ ሳውናው በኩል እያየ።

ሌላ ወንበር አምጥቼ ከጎኑ ተቀመጥኩ። ቀኑን ሙሉ ጠበቅን። አፕዴቱ ምንም ሳይቋረጥ እስከ መጨረሻው ገባ።