ሽማግሎቹ ቀጠሯቸውን ገደል ወርደው ጨረሱ

ከአጋሮ መንገድ ወደ ግራ ገባ ብሎ፣ ከቡናው ጫካ ኋላ አንድ ገደል አለ። ታች ወንዝ ይፈስበታል፤ ልዩ የሚያደርገው ግን ጊዜው ነው። እዚያ ወርዶ አሥራ አምስት ቀን የከረመ ሰው ሲወጣ፣ ላይ ያለፈው ከዙህር እስከ አስር ሰላት ያለው ሦስት ሰዓት ገደማ ብቻ ሆኖ ያገኘዋል። ታች ፀሐይ እንደ ወጓ ትወጣለች፣ ትጠልቃለች፤ ሰው ይርበዋል፣ ጥፍሩ ያድጋል። ለምን እንዲህ እንደሚሆን የሚያውቅ የለም፤ እኛም ስለለመድነው አንጠይቅም። የኪቶ ፉርዲሳ ግቢ የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ፈተና ሲደርስ ደብተራቸውንና ዳቧቸውን ይዘው ይወርዳሉ። አንድ ነጋዴ ደግሞ ዝናብ ሳይቀድመው ቡናውን እዚያ እያሰጣ በአንድ ቀን ያደርቅ ነበር። ጠባቂ ያደረገው ታናሽ ወንድሙን ነው። ከጥቂት ዓመት በኋላ ታናሹ ሸበተ፤ ታላቁም አፍሮ «እርስዎ» ይለው ጀመር።

እኔ ከገደሉ ጋር የተዋወቅሁት ልዳር ስል ነው። አባቴ ቦሳ አዲስ ሰፈር ውስጥ በርጩማ የሚጠርብ አናጢ ነው፤ እናቴ ከሞተች ጀምሮ ቤቱ ውስጥ እኔና እሱ ብቻ ነን። የምወደው ሰው የግብርና ባለሙያ ነው። ሚዛን ከተማ ሥራ አግኝቶ ሐሙስ መጀመር ነበረበት። ኒካችን ከዚያ በፊት ካልታሰረ ብቻውን ይሄዳል፤ እናቱ ደግሞ ዝም ብላ የምትቀመጥ ሴት አይደለችም፣ ሚዛን ያለች አንዲት የዘመድ ልጅ ከወዲሁ ማሞገስ ጀምራ ነበር። የእኔ አባት ግን ወግ አጥባቂ ነው። በእሱ ወግ ሴት ልጅ በመጀመሪያ ልመና አትሰጥም። ሽማግሌ ሦስት ጊዜ ይመላለሳል፣ በየመካከሉም አሥራ አምስት ቀን ይቆጠራል።

ቅዳሜ ጠዋት ሦስት ሽማግሎች ደጃችን ላይ ቆሙ። እሺ እስኪባሉ አይቀመጡም። ለጁምዓ የተቀቡት ሂና ገና አዲስ ስለነበር የሦስቱም ጢም እስከ ሥሩ ቀልቷል። እኔ በሩ ጀርባ ተደብቄ እሰማለሁ።

«አሥራ አምስት ቀን ቆይታችሁ ተመለሱ» አለ አባቴ። «ልጄን ሜዳ ላይ አላገኘኋትም።»

በንዴት በሩን በቡጢ ልመታው ምንም አልቀረኝም። ሽማግሎቹ ግን የሐሙሱን ነገር ያውቃሉ። ዳቦና ቴምር ገዝተው ሚኒባስ ተሳፈሩና ገደል ወረዱ። መግሪብ ሳይደርስ ተመልሰው ደጃችን ላይ ቆሙ።

«ቀጠሮው ሞልቷል» አሉ አፈ ጉባኤያቸው።

«ዛሬ ጠዋት አይደል እንዴ የሸኘኋችሁ?»

«ለእርስዎ ዛሬ ጠዋት ነው። ለእኛ ወላሂ አሥራ አምስት ቀን ነው። የተቀጠርነው ደግሞ እኛ ነን።»

አባቴ በዓይኑ ያላየውን አያምንም። ሜትሩን ከኪሱ አውጥቶ ወደ ሽማግሌው አገጭ ተጠጋ። ከቀዩ ጢም ሥር ነጭ በቅሏል። የሦስቱንም በየተራ ለካ። እኔ በሩ ጀርባ ሳቄ እንዳያመልጠኝ ሻሼን ነክሻለሁ።

«ስድስት ሚሊ» አለ። አናጢ በለካው ነገር አይከራከርም። «እሺ፣ ይኼኛው ሞላ። ሌላ አሥራ አምስት ቀን ቆይታችሁ ተመለሱ።»

«ማሎ፣ እባክዎ፣ ከእነዚህ ጋር ድጋሚ?» አሉ በዕድሜ የሚበልጡት። «አንዱ ያንኮራፋል፤ አንዱ ስለጠፋ በሬው ብቻ ነው የሚያወራው።»

ቢሆንም እሁድ ወረዱ። ሲመለሱ ተኮራርፈዋል፣ አይተያዩም፤ ነጩ ግን አሥራ ሁለት ሚሊ ሞልቷል። አባቴ ለካና ሜትሩን ኪሱ ከተተ።

«ሰጥቻለሁ፤ ተቀመጡ» አለ።

እልል ልል አፌን ስከፍት አባቴ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

«ምነው፣ ቅር ያለዎት ነገር አለ?» አሉ አፈ ጉባኤው።

«ላጉላላችሁ ብዬ የቀጠርኳችሁ መስሏችኋል» አለ። «ሠላሳ ቀን ከልጄ ጋር ልቆይ ብዬ ነበር። እናንተ ገደል ወርዳችሁ ጨረሳችሁት። ለእኔ የደረሰኝ ሁለት ቀን ነው፤ እሱም እሷ እንዳኮረፈችኝ አለፈ።»

እውነቱን ነው። ሁለቱን ቀን ምሳውን አስቀምጬለት እሸሽ ነበር እንጂ አንድ ቃል አልተነፈስኩም። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። ከሽማግሎቹ በሬ የጠፋባቸው ሰውዬ ተናገሩ።

«እንግዲያው እርስዎም ይውረዱ። ኒካው ማክሰኞ ይሁን።»

ሰኞ ማለዳ ዱቄት፣ ድንች፣ ድስትና ሁለት ብርድ ልብስ ተሸክመን ወረድን። እጮኛዬ አፋፉ ላይ ሊጠብቀን ቀረ። አባቴ ሥራ ላይ ሲሆን አይናገርም፤ እዚያ ግን ሥራ ስለሌለ ሲያወራ ዋለ፣ ሲያወራ ሰነበተ። እናቴን ለማግባት የላካቸው ሽማግሎች አምስት ጊዜ እንደተባረሩ ነገረኝ። እኔ ደግሞ ብቻውን ሲቀር እንዳይቸገር ብዬ ሽሮ መሥራት አስተማርኩት። የመጀመሪያውን ሽሮ ሁለታችንም ልንውጠው አልቻልንም፤ በሃያኛው ቀን ግን ደግሜ በላሁ። በመጀመሪያው ሳምንት ቀኖቹን በጠጠር እቆጥር ነበር። ከዚያ ተውኩት፤ የሚቆጥረው እሱ ሆነ።

በሠላሳኛው ቀን ጠዋት አባቴ ብርድ ልብሱን ጠቅልሎ ትከሻው ላይ አደረገ።

«ተነሺ ኢንተላ ኮ፣ ልጄ» አለኝ። «ሰው ይጠብቅሻል።»

የዱቄቱን ከረጢት ከፍቼ አየሁ። ለአንድ ቀን ይበቃል።

«አባ፣ ነገ እንውጣ» አልኩት።