የዱቄት መጋዘኑ ድመትና የእማሆይ ቆቆች

ሥራ የጀመርኩት በጣሊያን ጊዜ፣ ጉለሌ ውስጥ ከነበረ የዱቄት መጋዘን ነው። የመጀመሪያ ቀን አለቃችን፣ ካፖ የምንለው ጣሊያን፣ ሁለት ሣጥን አስረከበኝ። በአንዱ የአይጥ ወጥመድ፣ በሌላው በመርከብ የመጡ ድመቶች ነበሩ።

“አይጥ ካየሁ የምይዘው አንተን ነው” አለኝ በአስተርጓሚ። የሥራ ጓደኞቼ ያኔውኑ “ባላምባራስ ድመት” ብለው ሾሙኝ።

ጠዋት ወጥመዱን እፈትሻለሁ፤ ድመቶቹን ግማሽ ሆድ አበላለሁ። የጠገበች ድመት አይጥ አታሳድድም፤ በጣም የራባት ደግሞ አጥር ትዘላለች። ግራጫዋ አንድ ቀን ዘላ ጠፋች፤ ፈልጌ አጣኋት።

ሳምንታት ቆይቶ እማሆይ መጡ። ከመጋዘኑ በላይ ባለው ቤተ ክርስቲያን ግቢ በጎጆ የሚኖሩ መነኩሲት ናቸው።

“ልጄ፣ ድመታችሁ ቆቆቼን ፈጀችብኝ” አሉ። እንባ አቅርረዋል።

ዙሪያው ተመንጥሮ ባሕር ዛፍ ሆኗል። ጥድና ወይራ የቀረው በዚያ ግቢ ብቻ ነበር፤ ቆቆቹም እዚያው ተሰብስበው ቀሩ። የሚነካቸው ስለሌለ መሬት ላይ ጫጩት ፈልፍለው በሰው እግር ሥር ይሄዳሉ። ድመት ምን እንደሆነች የት ያውቃሉ? አሁን የቀረችው አንዲት እናት ከነጫጩቶቿ ነበረች።

ካፖው “ዘበኛው ተኩሶ ይጣላት” አለ።

እማሆይ ይህን ሲሰሙ ተቆጡ። “በግቢው ደም አይፈስም፤ የድመትም ቢሆን!”

ከፓስታ ሣጥን ወጥመድ ሠርቼ ወደ ግቢው ወጣሁ። ውስጡ ያኖርኩት ሥጋ ሲነካ መዝጊያው ይወድቃል። በማግስቱ ግራጫዋ ገብታ አገኘናት። እማሆይ እልል ሊሉ ምንም አልቀራቸውም። ሣጥኑን ሳነሣ ግን ጡቶቿ አብጠው አየሁ።

“እማሆይ፣ ወልዳለች።”

ጎንበስ ብለው አዩዋት። ከዚያ “ልቀቃት” አሉኝ።

“ጫጩቶቹስ?”

“እኔ እጠብቃቸዋለሁ። የእሷስ ልጆች በረሃብ ይሙቱ?”

ለቀቅኳት። እሳቸው መቋሚያቸውን ይዘው ቆቋ ከምትውልበት ቁጥቋጦ አጠገብ ተቀመጡ፤ እኔ ግራጫዋን በሩቁ ተከተልኩ። ከግቢው ግንብ ሥር ካለ ጉድጓድ ገባች። እስክትወጣ ጠብቄ ግልገሎቿን ሣጥኑ ውስጥ አስገባሁ። ድምፃቸውን ስትሰማ፣ ያለ ሥጋ ራሷ ገባች።

ተሸክሜያቸው ስወርድ እማሆይ ዝም እንድል በእጃቸው ጠቆሙኝ። ቆቋ ሁለት ጫጩቶች አስከትላ መንገዱን አቋረጠች። እንደዚያ ቀን ሥራዬን የወደድኩበት ቀን የለም።

ዳግም እንዳታመልጥ የመጋዘኑን መስኮቶች በሽቦ ወንፊት መታሁ። ግራጫዋ ልጆቿን እዚያው አሳደገች።

ድመት የምታጠምዱ ሁሉ፣ የያዛችኋትን ከመውሰዳችሁ በፊት ጡቷን እዩ።