ስሙን ማን ይጥራው?

ጤና ጣቢያው ካርድ ክፍል የገባሁ ዕለት አለቃዬ ወይዘሮ አስካለ መስኮቱ ጋ አስቀመጡኝና አንድ ነገር አስተማሩኝ። «የራሱን፣ የአባቱን፣ የአያቱን። ሦስቱን ሳትይዢ ከወንበርሽ እንዳትነሺ።» ከዚያ መደርደሪያውን አሳዩኝ። ካርዶቹ የተደረደሩት በቁጥር ነው። ቁጥሩ የጠፋበት ሰው ግን የሚገኘው በስሙ ብቻ ነው። አሁን ኮምፒውተር ገብቶም ነገሩ ያው ነው።

ድምፄ ቀጭን ስለነበር ስም ስጠራ ከኮሪደሩ መጨረሻ አይሰማም። ጥበቃው ጋሽ ድሪባ በር ላይ ሆነው ይደግሙልኝ ነበር። «ማስረሻ!» ሲሉ ወንድም ሴትም አብረው ይነሳሉ።

ስም አውቃለሁ ብዬ እመካ ነበር። እኔ ራሴ ምትኬ ነኝ፤ ከእኔ በፊት የሞተችው እህቴ ምትክ። ወላጆቼ ጎጃሜዎች ናቸው። ካሳ፣ ማስረሻ፣ ቢያድግልኝ ሲባል ከኋላው ትንሽ መቃብር ሊኖር እንደሚችል ማንም ሳይነግረኝ ይገባኛል። ሮባ ዝናብ፣ ዋቅጅራ ፈጣሪ አለ ማለት እንደሆነ ደግሞ ከጋሽ ድሪባ ተማርኩ። የክርስትና ስም ግን አትጠይቁ። አንዴ አንዲት ባልቴት ብጠይቃቸው ጠንቋይ የላከኝ ይመስል ካርዳቸውን ሳይወስዱ ሄዱ።

አንድ ቀን ከቆሼ በኩል አንዲት እናት ሕፃን ታቅፋ መጣች። የልጁን ስም ስጠይቃት «ጣልኩት» አለችኝ።

«ማንን?»

«እሱን። ስሙ ነው። ሦስቱን ሞት ወስዶብኛል። ይሄን የተጣለ መስሎት ይለፈው ብዬ ነው።»

በድንጋጤ እስክሪብቶው እጄ ላይ ቀረ። ወይዘሮ አስካለ ከኋላዬ «ጻፊ እንጂ፤ የወለደችው እሷ፣ የምታሳድገው እሷ» አሉኝ። ጻፍኩ። ያን ቀን ምሳ አልበላሁም።

ከዚያ ወዲህ የሚያስደነግጠኝ ስም አይኖርም ብዬ ነበር። እውነትም ቀጥሎ ያስደነገጠኝ ስም ሳይሆን ስም አልናገርም ያለች ሴት ናት።

ወይዘሮ አስካለ ጡረታ ከወጡ በኋላ ነው። ጠዋት፣ ወረፋው በር ድረስ ሞልቶ፣ አንድ አዛውንት በላዳ ታክሲ መጡ። ትኩሳቱ ያቃዣቸዋል፤ ዓይናቸውን አይገልጡም። ያመጣቻቸው ወርቅነሽ የምትባል፣ አሥራ ስምንት ማዞሪያ ቅመም የምትነግድ የከምባታ ሴት ናት። ሐኪማችን ዶክተር ሰላም አይታቸው የሳንባ ምች ነው አለችና መርፌ አነሳች። ወርቅነሽ እጇን ያዘቻት።

«ቆይ ዶክተር። አንድ መርፌ አይስማማቸውም። ባለፈው እዚሁ ተወግተው ሊሞቱብን ነበር። የትኛው እንደሆነ እኔ አላውቅም፤ ካርዳቸው ላይ ተጽፏል።»

ዶክተር ሰላም መርፌውን አስቀምጣ ወደ እኔ ላከቻት።

«የካርድ ቁጥር?» አልኳት።

«ወረቀቷ ባለቤቴ ኪስ ናት። እሱ ዕቃ ሊያመጣ ክፍለ ሀገር ወርዷል፤ ስልኩም አይሠራም።»

«የሰውየው ስም?»

«አባታችን ናቸው።»

«አባታችን በሚል የወጣ ካርድ የለኝም፣ የኔ እህት።»

«አማቴ ናቸው እትዬ» አለችና ነጠላዋን አፏ ላይ ያዘች።

ወረፋው መንጫጫት ጀመረ። ጋሽ ድሪባ ጠጋ ብለው «ከመንገድ አንስታቸው እንዳይሆን» አሉኝ። ባለላዳውን ጠየቅነው፤ «ፋዘር» ከማለት ሌላ የሚያውቀው የለም። እኔ ክው አልኩ። አብራው የምትኖረውን ሰው ስም እንዴት አታውቅም?

«አውቀዋለሁ» አለች፣ ያሰብኩትን የሰማች ይመስል። «እኔ አልጠራውም። በእኛ ዘንድ ምራት የአማቷን ስም አትጠራም። ስማቸው በሚጀምርበት ድምፅ የሚጀምር ሌላ ቃል እንኳ አንናገርም። ካገባሁ ጀምሮ አንድ ቀን ከአፌ ወጥቶ አያውቅም።»

እናቴም አባቴን «እሳቸው» እንጂ በስም አትጠራም ነበር። ግን አባቴ ሲታመም ካርድ ያወጣችለት እሷ ናት። ይኼኛው ሌላ ነው። ልጅ ካላት ብዬ ጠየቅኳት፤ የልጇ ሦስተኛ ስም እሳቸው ናቸውና። አንገቷን ደፋች። «እግዜር አልሰጠኝም።» ጻፊው ብላት ፊደል አልቆጠርኩም አለችኝ።

«እሺ ትርጉሙን ንገሪኝ።»

«ዝናብ ይዞ የመጣ።»

«ዝናቡ? ሮባ?»

«በእኛ ቋንቋ ነው እትዬ።»

ቋንቋዋን አላውቅም። ዶክተር ሰላም በሩ ላይ ብቅ አለች። «እትዬ ምትኬ፣ ያሉኝ ሁለት ዓይነት መርፌዎች ናቸው። አንዱ ያድናቸዋል፣ አንዱ ይገድላቸዋል። ወደ ሆስፒታል ብልካቸው መንገድ ላይ ይሞታሉ። ካርዱን አምጪልኝ።»

ወርቅነሽ ሰማች። ፊቷ አመድ መሰለ። «አገር ቤት ያሉት የባለቤቴ እህቶች ቢሰሙ "ልጅም አልወለደች፣ ክብርም አታውቅ" ነው የሚሉኝ» አለች። መልስ አልጠበቀችም። ወደ ውስጥ ገባች፤ ወረቀቴን ይዤ ተከተልኳት።

አልጋው ሥር ተንበርክካ እግራቸውን ያዘች። «አባባ፣ ይቅር ይበሉኝ» አለችና ስማቸውን ከነአባታቸው፣ ከነአያታቸው ጠራችው። አልሾከሾከችም። አዛውንቱ ዓይናቸውን ገለጡ። አንዴ አይተዋት መልሰው ጨፈኑ።

ሮጥኩ። ካርዱ ላይ የማይወጉት መድኃኒት በቀይ ተጽፏል። ዶክተር ሰላም መጀመሪያ ያነሳችው መርፌ ነው። ካርዱን አሳየኋት። ሌላውን ወጋቻቸው። እኔም ወንበሬ ላይ ተመልሼ የቀጣዩን ሰው ስም ጠየቅኩ።

ለቀጠሮ አብረው መጡ። ወርቅነሽ ከስታለች። መስኮቴ ጋ ጎንበስ ብላ «ሰምተው ይሆን እትዬ? እንቅልፍ አጣሁ» አለችኝ።

አዛውንቱ በከዘራቸው እየተረዱ ቀረቡ። ሳልጠይቃቸው፣ እሷ እየሰማች፣ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው «ያን ቀን ምን እንደሆንኩ አላውቅም ልጄ» አሉኝ። «ማን እንዳመጣኝ፣ ማን ምን እንዳለ፣ የሰማሁት የለም።»

ወርቅነሽ እፎይ አለች። የታዘዘላቸውን ልታመጣ ወደ መድኃኒት ቤቱ ሄደች።

አዛውንቱ እስክትርቅ ጠብቀው ወደ መስኮቱ ተጠጉ። «ሰምቻለሁ» አሉኝ። «ስሜን ከእሷ አፍ ስሰማ ሞቻለሁ አልኩ። በሕይወት ሳለሁ እንደማትጠራኝ አውቃለኋ። ዓይኔን የገለጥኩት ደንግጬ ነው። ለእሷ ግን እንዳትነግሪ።»

አልነገርኳትም። ስማቸውንም እዚህ አልጻፍኩትም።

ካርድ ክፍል ለምትገቡ የምለው አጭር ነው። ስም አልናገር ያለ ሰው ሁሉ ስሙን የማያውቅ አይደለም። ማን ሊጠራው እንደሚችል ጠይቁ፤ የሚጠራው ሰው ከጠፋ ደግሞ ሌላ ሰው እንዳይሰማ በሩን ዝጉና ጥቂት ታገሡ። ወረፋው ይጠብቃል።