ለቅሶ የተደረሰላት ተዋናይት

ይህ የሆነው አምና ሚያዝያ ውስጥ፣ ድሬዳዋ ምሳዋን በልታ በምትተኛበት ሰዓት ነው። አንዳንዴ ሳስበው በሕልሜ ያየሁት ይመስለኛል።

ሳቢያን ሰፈር ካለው ግቢዬ አንዷን ክፍል ለእንግዳ አከራያለሁ። ያን ሰሞን ያረፈችው ማዳም ሪቭካ የምትባል የሰማንያ ዓመት ሴት ነበረች። «አንቺ በይኝ» ስላለችኝ ነው እንዲህ የምደፍራት። ሐረርን ልታይ መጥታ ሙቀቱ ሲጥላት እኔ ጋ ቀረች። ከባቡር ሠራተኛው አባቴ በለቀምኳት ፈረንሳይኛ እናወራለን። ዕድሜዋን ሙሉ የኖረችው መድረክ ላይ ነው፤ በይዲሽ፣ የአውሮፓ አይሁዶች ድሮ በሚነጋገሩበት ቋንቋ።

«አገሬ ያሉ የቴአትር ሰዎች ለመጨረሻ ጊዜ ተጫወቺ ብለውኛል፤ እምቢ ልላቸው ነው» አለችኝ አንድ ጠዋት። «ቋንቋውን የሚሰማ ሰው አልቋል። እኔ ሳለቅስ ተመልካቹ ከራሴ በላይ የተሰቀለውን ትርጉም ያነባል። አንብቦ እስኪጨርስ እኔ እንባዬን ጠርጌያለሁ።»

በማግስቱ ቀትር ላይ ነፋስ የለ፣ ባጃጅ የለ፤ መጋረጃው እንኳ አይነቃነቅም። ሸለብ እንዳደረገኝ አንድ ድምፅ ሰማሁ። መጀመሪያ እንጉርጉሮ ነበር፤ እየቆየ ዋይታ ሆነ። ማዳም ሪቭካ ናት፤ ቀደም ብላ ያጫወተችኝን፣ ልጇ የሞተባትን እናት ብቻዋን እየተጫወተች ነው። ዓይኔን ሳልገልጥ አዳመጥኳት።

እኛ ሰፈር ዋይታ ሰምቶ የሚተኛ ሰው እንደሌለ ፈጽሞ ረሳሁት። ብድግ ስል የግቢው በር ተበርግዷል። ጎረቤቴ አዴ ፋጡማ ከፊት፣ እትዬ አልማዝ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ከኋላ፣ ሌሎች አምስት ስድስት ሴቶችም ተከትለው ክፍሏ ገብተው እንግዳዬን ከበዋታል። ማን ሞተ ብሎ የጠየቀ የለም። ቁጭ ብለው አብረዋት ያለቅሳሉ። እሷም ሲያዩዋት ባሰባት።

ጋብ ሲል በኀፍረት እየተቃጠልኩ «ቴአትር ነው፤ የሞተ ሰው የለም» አልኳቸው።

አዴ ፋጡማ ዓይናቸውን ጠርገው አፈጠጡብኝ። «ወላሂ፣ እኔ እኮ በሐሳቤ ልጇን ቀብሬላት ነበር!»

ሴቶቹ ሳቁ። ተነሥተው ይወጣሉ ስል አዴ ፋጡማ ጭራሽ ተመቻችተው ተቀመጡ። «አቦ ንገሪያት! እኔ የደረስኩት ከመካከሉ ነው። ከመጀመሪያው ትጀምርልን።»

ይህን ስነግራት ማዳም ሪቭካ እጄን ጭብጥ አደረገችው። ከዚያ ተነሥታ ከመጀመሪያው ጀመረች። ቴአትር መሆኑን እያወቁ፣ አንዲት ቃል ሳይገባቸው፣ ሴቶቹ እንደገና አለቀሱላት።

ከወር በኋላ ከአገሯ ደወለችልኝ።

«ተጫወትኩ» አለች።

«ተመልካቾቹስ፣ ዛሬም አነበቡ?»

«ያንብቡ!» ብላ ከት ብላ ሳቀች።

ደስ ብሎኛል። ግን ራሴን የምታዘብበትም ነገር አለ። ያን ቀን ክፍሉ ውስጥ ያላለቀስኩት እኔ ብቻ ነኝ፤ ከመጀመሪያው ስትጀምርላቸው ስልኬን ደግኜ እየቀረጽኩ ነበር። ቪዲዮው አሁንም አለኝ። ስንት ጊዜ ከፍቼ አየሁት፤ አንድም ቀን እንባዬ አልመጣም።