አምስተኛው ሳይነካት

ሰባት ነበርን። ቄሱ ከመስኮቱ አጠገብ፣ የሟቹ የጋሼ ተፈራ የወንድም ልጅ ዮናስ ወረቀቱን ይዞ ከጠረጴዛው ራስ፣ ሚስቱ ከሻይ ቴርሞሱ ኋላ ቆመዋል። ከጋሼ ተፈራ ጋር ፓርኪንግ ይሠሩ የነበሩት ሁለት ሽማግሌዎች ካፖርታቸውን ሳያወልቁ በሩ ጋ፣ የፎቃቸው ጎረቤት ፊሊፒናዊት ከእነሱ ጎን። እኔ ግድግዳውን ተደግፌ ነበር።

መቃብሩ ላይ ነፋሱ ስላላስቆመን፣ የሕይወት ታሪካቸው የሚነበበው ቶሮንቶ፣ ሴንት ጄምስ ታውን፣ ይኖሩበት የነበረው ሕንፃ ነዋሪዎች በሚከራዩት በዚህ ክፍል ነበር። ከግድግዳው ማዶ ጂም አለ። ኳስ ይነጥራል፤ ድም ድም ይልና ዝም፣ ከዚያ የቅርጫቱ ብረት ድምፅ።

«ልጆቹን ስቶፕ እንዲያደርጉ ልንገራቸው» አለ ዮናስ።

«ተዋቸው» አልኩት።

የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ሳለሁ አገር ቤት፣ ቤታችን ከአንድ ኮሌጅ አጥር ሥር ነበር። ጋሼ ተፈራ ያኔ ወጣት ነበሩ፤ የኮሌጁን የመጀመሪያ የቅርጫት ኳስ ቡድን ያሰለጥኑ ነበር። ሜዳው አፈር ነው። ቅዳሜ ጠዋት በቆርቆሮ ኖራ በጥብጠው መስመሩን ራሳቸው ያሰምራሉ፤ ዝናብ ካጠበው ሰኞ እንደገና። ቀለበቱን የሠራላቸው የግቢ በር የሚበይድ ሰው ነው፤ መረብ አልነበረውም። ኳሷ አንድ ነበረች። ስትተነፍስ በብስክሌት ፖምፓ ይነፏታል፤ መርፌዋን በወረቀት ጠቅልለው ሸሚዛቸው ኪስ ውስጥ ይይዙ ነበር።

አንድ ሕግ ነበራቸው። ኳሷን አምስቱም ሳይነኳት ወደ ቅርጫት መወርወር የለም። አጥር ላይ የተንጠለጠሉ ጎረምሶች «የማኅበር ጽዋ አደረጓት እኮ፣ ዳቦውስ የታለ?» እያሉ ያሾፉ ነበር። እሳቸው ወደዚያ አያዩም። «አምስተኛው ሳይነካት የገባ አልቆጥርም» ይላሉ ለልጆቹ፣ ድምፃቸውን ከፍ ሳያደርጉ። ከሌላ ከተማ ከመጣ ቡድን ጋር የገጠሙ ዕለት ጨዋታው ሊያልቅ ሲል ኳሷ ቅርጫቱ ሥር ባለው ልጅ እጅ ነበረች። ልጁ አልወረወረም። አምስተኛውን ፈለገ። በአንድ ነጥብ ተሸነፉ። ጋሼ ተፈራ ልጁን ጨበጡት።

ኳሷ አጥር ስትዘል የምመልስ እኔ ነበርኩ። ግራኝ ነኝ፤ እናቴ በማማሰያ ትመታኝ ስለነበር በቀኜ እየወረወርኩ አላደርሳትም ነበር። አንድ ቀን ጋሼ ተፈራ አጥሩ ድረስ መጡ። «በግራሽ ወርውሪ። እዚህ የሚቆጣሽ የለም።»

ከዚያ ኮሌጁ ተዘጋ። ተማሪዎቹ ለዘመቻ ወጡ፤ በኋላም የሆነው ሆነ። ከአምስቱ የተመለሰ የለም።

ብዙ ዓመት አልፎ እዚሁ ቶሮንቶ፣ ባስ ውስጥ አገኘኋቸው። ጠጉራቸው ነጭ ሆኗል። «አሰልጣኝ» ስላቸው ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አዞሩ። «እሱን ተይው፣ አልማዝ» አሉ። ከዚያ ወዲያ በየበዓሉ እንደዋወል ነበር፤ እኔም የሜዳውን ነገር ለማንም አላነሳሁም።

ዮናስ አነበበ። ተወለዱ፣ ተማሩ፣ ተሰደዱ፣ ፓርኪንግ ሃያ ዓመት ሠሩ። ግማሽ ገጽ አልሞላም።

«የሚጨመር ካለ?» አለ።

«አንድም ቀን የሰው መኪና ቁልፍ አቀያይሮ ሰጥቶ አያውቅም» አለ አንደኛው ሽማግሌ። ዮናስ ጻፈው።

እኔ ዝም ካልኩ ያንን ሜዳ የሚያውቅ ሌላ ሰው ክፍሉ ውስጥ የለም። ከተናገርኩ ደግሞ ተይው ያሉኝን ነው የማነሳው። ቄሱ ሊያሳርጉ መስቀላቸውን አነሱ።

«አሰልጣኝ ነበሩ» አልኩ። «የኮሌጅ። የቅርጫት ኳስ።»

«ባስኬትቦል? አጎቴ?» ዮናስ ሳቅ አመለጠው። «እትዬ አልማዝ፣ እሳቸው እኮ ጌም ሲጀምር ቲቪውን ኦፍ ያደርጉ ነበር።»

«ጻፈው።»

አየኝና ጻፈ። «ስንት ዓመት?»

«ሦስት።»

ሽማግሌው ጓደኛውን በክርኑ ነካው። «ሃያ ዓመት አንድ ሂተር ስንሞቅ አንዲት ቃል አልተነፈሰልንም» አለ፤ የተቀየመ ይመስል ነበር።

ዮናስ መስመሩን ከመማራቸውና ከመሰደዳቸው መካከል አስገብቶ ጮክ ብሎ አነበበው። ከዚያ ወደ እኔ ዞረ። «ተጫዋቾቹስ የት ናቸው? ኮል ላድርግላቸው፤ መርዶውን መስማት አለባቸው።»

«የት እንዳሉ አይታወቅም» አልኩ።

ካፖርቴን ለበስኩ፣ መስቀል ተሳልሜ ወጣሁ።